ቬርና በር ላይ ያለቀሰችበት ቀን

ቬርናና ኦታካር ባልና ሚስት መሆናቸውን ፎርት ሊ ከተማ ውስጥ የማውቀው እኔ ብቻ ነበርኩ፤ የሚኖሩት እኔ ቤት ተከራይተው ነው። ፊልም መሥሪያው ውስጥ እኔ ልብስ እሰፋለሁ፣ እሷ ትተውናለች፣ እሱ ደግሞ ካሜራው አጠገብ ቁጭ ብሎ ቫዮሊን ይጫወታል። በዚያ ዘመን ፊልም ድምፅ ባይኖረውም ተዋንያኑ ያለ ሙዚቃ እንባ አይወጣቸውም። እሷን የሚያስለቅሳት እሱ ነበር። ከዚያ ውጪ ግን ሰው ፊት ባርኔጣ ከማንሳት ያለፈ ሰላምታ አልነበራቸውም።

ምክንያቱ የካሊፎርኒያው ውል ነው። አንድ ትልቅ ኩባንያ ሊወስዳት ፈልጎ፣ ተመልካች የሚወደው ያላገባች ኮከብ ነው ብሎ፣ ባል እንዳይኖራት አጥብቆ አስጠንቅቋል። የሰው ጉድ! ትዳርን እንደ ኩፍኝ የሚሸሽ ኩባንያ ያየሁት ያኔ ነው።

የመጨረሻው ትዕይንት በሚቀረጽበት ዕለት ጧት ኦታካር ዳቦውን ሳይነካ፣ "እትዬ ኦገስታ፣ እኔ ዛሬ ልሄድ ነው" አለኝ።

"ወዴት?"

"ቺካጎ፣ ወንድሜ ጋ። ከልጅነቷ የተመኘችውን እኔ ላስቀርባት?"

"ነግረሃታል?"

"ብነግራት ትለቀኛለች?"

"አንተ ደግሞ! ሳትጠይቃት የምትወስንላት ማን ሾሞህ ነው?"

ሳቀ፤ ዓይኑ ግን እንባ አቅርሮ ነበር። አንጀቴን በላው።

የፊልሙ ታሪክ ዝና ፍለጋ ባሏን ጥላ ስለምትሄድ ሴት ነው። ቬርና በር ላይ ቆማ ማልቀስ፣ ከዚያ መውጣት አለባት። ኦታካር የሚያውቀውን አሳዛኝ ዜማ ሁሉ ተጫወተ። የእሷ ዓይን ግን ደርቆ ቀረ።

"ወይዘሪት ቬርና፣ ምን ነካሽ?" ብሎ ጮኸ አዘጋጁ ሚስተር ፕሬንቲስ። "ባልሽን እኮ ነው የምትተዪው!"

"ምን ላድርግ? ይሄ ቫዮሊን እየተሰማኝ ማንንም ጥዬ የምሄድ አይመስለኝም።"

ኦታካር ይህን ሲሰማ አንገቱን ደፋ። ቫዮሊኑን ሳጥኑ ውስጥ ከተተና ኮቱን ለብሶ ወደ መውጫው አመራ። ቬርና ኮቱን ስታይ ጥሏት ሊሄድ መሆኑ ገባት። እንባዋ ዱብ ዱብ ይል ጀመር።

"ቅረጽ! ቅረጽ!" አለ ፕሬንቲስ ካሜራ አዟሪውን።

እሷ ግን በሩን አልፋ፣ ከካሜራው ዓይን ወጥታ ሮጠች። የኦታካርን እጅጌ ጨምድዳ ያዘች።

"የት ልትሄድ ነው?"

"ተመለሺ የኔ ዓለም፣ ሰው ያያል።"

"ይይ! ባሌ አይደለህ እንዴ?" አለች፤ ያልሰማ ሰው አልነበረም። "ዝናውንም የፈለግኩት አጠገቤ ሆነህ እንድታየው ነው። ያለ አንተማ ምን ይሠራልኛል?"

ፕሬንቲስ ባርኔጣውን መሬት ላይ ወረወረ። ውሉም በዚያው ቀረ። አልቆጫትም ብል እዋሻለሁ፤ ያን ቀን እህል ሳትቀምስ ባሏ ጭን ላይ ተደፍታ አለቀሰች፣ እሱም ጸጉሯን ሲደባብስ ዋለ።

ከወራት በኋላ ፊልሙን ለማየት ሦስታችንም አዳራሽ ገባን። ቬርና በር ላይ አልቅሳ ስትወጣ፣ ከፊታችን የተቀመጡ አንዲት ሴትዮ፣ "አይ ጨካኝ! እንዲህ ያለ ባል ጥላ ትሄዳለች?" ብለው አማረሩ።

ኦታካር ወደ ሴትዮዋ ጎንበስ አለ።

"ኧረ እመቤቴ፣ አይፍረዱባት" አላቸው። "ወደ ባሏ እየሮጠች እኮ ነው።"