ተኝቶ የሚበላ ሣጥን

የልጅ ልጄ ኣርያም ፈተናዋ መሀል ላይ ኢንተርኔቱ ሲቋረጥባት መጀመሪያ የጮኸችው በእኔ ላይ ነው።

«እማዬ! ምን ነካካሽ?»

በረንዳ ላይ ምስር እየለቀምኩ ነበር። እዚህ ቤት ቧንቧ ሲያንጠባጥብ፣ ቴሌቪዥን ሲጠፋ፣ በር ሲጣበቅ የነካካሁት እኔ ነኝ። ፊደል ያልቆጠረች አሮጊት ናትና እጇ ያረፈበት ሁሉ ይበላሻል።

«ምስር ነው የነካካሁት። ነይና እዪው!» አልኳት።

አለቀሰች። ብትሰድበኝ ይሻለኝ ነበር። ትምህርቷን ከጨረሰች ሁለት ዓመቷ ነው፤ ለሥራ ያላንኳኳችው በር የለም። አሁን አንድ ድርጅት ከቤት ሆና በኮምፒውተር እንድትፈተን ጠራት። ካሜራው ፊቷ ላይ ተተክሎ ዓይኗ የት እንደሚዞር ሳይቀር ይጠብቃል። መስመሩ አንዴ ቢቋረጥ ሌላ ቀን ይሰጣል፤ ሁለተኛ ከተቋረጠ ግን ተሰርዘሻል ነው የሚሏት። አንዱ ዕድል በዚህ አለቀ። የቀራት ሐሙስ አራት ሰዓት ነው።

እኔም ቤቱን ማበጠር ጀመርኩ። መጀመሪያ የተያዘው ወንድሟ አብነት ነው። ኮምፒውተሩን ከፍቶ ትቶት ይወጣል፤ ያ ነገር ብቻውን ሲያጓራ ይውላል።

«አንተ፣ ይሄ ነገር ምን ሆኖ ነው የሚያጓራው?»

«ምንም አልሆነም እማዬ፣ ጌሞቹ አፕዴት እያደረጉ ነው።»

«ማን አዘዛቸው?»

«ማንም። ኮምፒውተሩ ሲበራ አብረው ይነሳሉ፣ ከኢንተርኔት ላይ ራሳቸው ያወርዳሉ።»

«አንተ አራት ሰዓት ድረስ ተጋድመህ እነሱ ማልደው ይነሳሉ! ምነው በአንተ ፈንታ እነሱን በወለድኳቸው!»

ሳቀ። እኔ ግን አልሳቅኩም፤ ጀርባው ላይ ቆሜ አስጠፋሁት። ኮምፒውተሩ ሲበራ አብረው እንዳይነሱ አደረገ፤ ራሳቸው እንዲያወርዱ የሚፈቅደውንም ምልክት አነሳ። «ሁሉንም?» አልኩት። «ሁሉንም» አለ። «በእናትህ ሞት?» ስለው እንደገና ገባና አንድ የረሳውን አጠፋ።

በማግስቱ ኣርያም ስትሞክረው ኢንተርኔቱ ያው ነው፤ ይንፏቀቃል። አብነት ስልኩን አውጥቶ በእኛ ዋይፋይ የሚጠቀሙትን ዕቃዎች ቆጠረ።

«ስድስት ናቸው። የኛ አምስት ናቸው። ስድስተኛው የጌም ማጫወቻ ነው፣ ቴሌቪዥን ላይ የሚሰካው። እንዲህ ያለ ማጫወቻ ደግሞ እኛ ቤት የለም። ፓስወርዱን ማነው ለሰው የሰጠው?»

ሁለቱም ወደ እኔ ዞሩ።

«ምን ታፈጡብኛላችሁ? ፊደል የማላውቅ ሴት ምኑን አንብቤ ነው የምሰጠው?»

ሁለቱም አፈሩ። በዚህ ቃል ሌላ ሰው ቢነካኝ ጥርሱን ባራገፍኩለት ነበር። ያን ቀን ግን ራሴ አንስቼ ተከለልኩበት።

የሰጠሁት እኔ ነኝ። ፊት ለፊታችን ያለችው ትግስት እናቷ ሆሳዕና ከተማ ታመውባት፣ ፊታቸውን እያየች የምታነጋግርበት አጥታ ደረጃው ላይ ስታለቅስ አገኘኋት። አስገባኋትና የዋይፋዩን ሣጥን ገልብጬ ከሥሩ የተለጠፈውን ወረቀት በስልኳ እንድታነሳው ሰጠኋት። ማንበቡን እሷ ታንብበው። በእኔ በር የመጣ ሰው ባዶ እጁን ተመልሶ አያውቅም።

«በቃ ልቀይረዋ፣ አምስት ደቂቃ ነው» አለ አብነት።

«አትነካውም! ብታበላሸው ሐሙስን ማን ይመልስላታል?»

ሰበብ ነው። የሰጠሁትን ነገር ከሰው እጅ መንጠቅ እንዴት ይቻለኛል? ያቺ ልጅ ዛሬ ማታ ከእናቷ ጋር ልታወራ ስትል ቢዘጋባት፣ ነገ ደረጃው ላይ በየትኛው ዓይኔ ነው የማያት? ለራሴ ስም ብዬ ደግሞ የኣርያምን ሐሙስ መያዣ አስያዝኩ። ይሄ አሳረረኝ። ነጠላዬን ጣል አድርጌ ኮሪደሩን ተሻገርኩ።

በሩን የከፈተው የትግስት ባል ሉቃስ ነው። አውሮፕላን ማረፊያው ካርጎ ውስጥ ይሠራል። ትልቅ ሰው ነው፣ ጢም አለው፣ ቁምጣ ለብሷል።

«እማማ ሙሉ፣ ይግቡ፣ ይግቡ።»

«ገብቻለሁ። ጌምህ የት አለ?»

ቴሌቪዥኑ ሥር ያለ ጥቁር ሣጥን አሳየኝ። ግንባሩ ላይ ትንሽ ብርቱካናማ መብራት አለች።

«የልጄን ፈተና የበላው እሱ ነው። አጥፋው!»

«ይሄ? እማማ፣ ይሄ እኮ ጠፍቷል። ከእሁድ ወዲህ አልነካሁትም። እርስዎ ይሄ ነገር አይገባዎትም።»

አይገባዎትም! ተጠግቼ እጄን ሣጥኑ ላይ አሳረፍኩ። ትኩሳት የያዘው ሕፃን ግንባር ነው።

«ና ዳስሰው።»

«ኧረ እማማ…»

«ዳስስ አልኩህ! የጠፋ ነገር እንዲህ ይፋጃል?»

«አልጠፋም እንግዲህ… ተኝቷል። ስታንድባይ ይባላል።»

«ተኝቶ ምን ይሠራል?»

ትግስት ከጓዳ ወጣች። ሉቃስ ሊያሳፍረኝ ብሎ ቴሌቪዥኑን አበራ። ያፈረው ግን ራሱ ነው። የሚወርዱት ጌሞች ዝርዝር ከላይ እስከ ታች ሞልቷል። አንዱ ወርዶ አልቋል፣ ሌላው ግማሽ ደርሷል፣ የቀሩት ተሰልፈዋል።

«ይሄን ሁሉ ምን ያደርግልሃል?» አለችው ትግስት።

«እኔ አላዘዝኩትም! የጌሙ ድርጅት አባል ስለሆንኩ በየወሩ አዲስ ጌም ይሰጣሉ፤ ራሱ ነው የሚያወርደው።»

«በቤትህ የሚያዘው እሱ ነዋ» አልኩት። «አንተ ምንድነህ ታዲያ፣ ተከራይ ነህ?»

ፊቱ ጠቆረ። እየተነጫነጨ ሴቲንግ ውስጥ ገብቶ፣ ጌም በራሱ ማውረዱን አጠፋሁ አለ። ወረፋ የያዙትንም ሰረዘ። እኔ እንደሆነ ማንበብ አልችልም፤ የማነበው ፊቱን ነው። የቸኮለ ሰው ፊት ነበር።

«ሐሙስ አራት ሰዓት እመጣለሁ» አልኩ።

«ለምን? አጠፋሁት አይደል?»

«እጄን ላሳርፍበት።»

በሩ ጋ ተከተለኝና ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ «እማማ፣ ፓስወርዱን የሰጡን እርስዎ ነዎት፤ የሰረቅንዎት አያስመስሉ። እንዲያውም ለልጆቹ እኔው ልንገራቸው?» አለኝ።

«ንገራቸው። ከሐሙስ በኋላ ግን!»

ሐሙስ ለኣርያም ምንም ሳልላት ወጣሁ። ሉቃስ የእረፍት ቀኑ ነበር። ወንበር ሳይሰጠኝ ወንበር ስቤ ቴሌቪዥኑ ሥር ተቀመጥኩ፣ እጄንም ሣጥኑ ላይ ጣልኩ። ቀዝቃዛ ነው፤ መብራቷ ግን አለች። እሱ ሶፋው ላይ ተዘርግቶ ስልኩን ይነካካል። ትግስት ሻይ አመጣች፤ አልጠጣሁም።

«በእረፍት ቀኔ እንኳ ኳስ ልጫወት አልችልም» አለ፣ ለሚስቱ እንደሚናገር ሆኖ።

«ውጭ ሜዳ አለልህ» አልኩት።

አንድ ሰዓት እንዲህ ሄደ። ከዚያ ከእጄ ሥር አንድ ነገር ንቅንቅ አለ፣ እንደ ድመት ሆድ አንጎራጎረ። ቀስ በቀስ ይሞቅ ጀመር።

«ሉቃስ! ተነሳብህ!»

«ኧረ አይደለም… እ… ያጠፋሁት አዲስ ጌም ማውረዱን ነው። የነበሩት ጌሞች አፕዴት ለብቻው ነው የሚጠፋው መሰለኝ። ቆይ ሪሞቱን…»

«መሰለኝ?»

ሪሞቱን ሶፋው ሥር ሲፈልግ አልጠበቅኩም። ገመዱን ተከትዬ ግድግዳው ጋ ደረስኩና ነቀልኩት።

«እማማ! እንደዛ አይነቀልም እኮ! ይበላሻል! ከዱባይ ነው የመጣው!»

«ይበላሽ። ወደ ዱባይ መልሰው!»

«ሰው ቤት ገብተው ዕቃ ይሰብራሉ?»

«አንተስ ሰው ቤት ሳትገባ አልሰበርክም?»

ሊቀማኝ እጁን ዘረጋ። ገመዱን ከሣጥኑም ነቅዬ ነጠላዬ ውስጥ ከተትኩት። ትግስት መሀላችን ገብታ ባሏን በደረቱ ገፋችው። «አንተ ሰውዬ አታፍርም? እናቴን ያየሁት በማን ዋይፋይ ነው?» ስትለው እጁን ሰበሰበ።

ከዚያ በኋላ እኔ የበረደ ሣጥን ላይ እጄን ጭኜ፣ እሱ ጀርባውን ሰጥቶኝ፣ በሩ እስኪንኳኳ ተቀመጥን።

ኣርያም ናት። ቀድሞ ጩኸቴን ሰምታ ኖሮ፣ ቤት ስታጣኝ መጣች።

«ጨረስኩ። አንዴም አልተቋረጠም» አለች። ከዚያ የተነቀለውን ሣጥን አየች፣ ከነጠላዬ ሥር የተንጠለጠለውን ገመድ አየች።

ሉቃስ አፉን ሲከፍት አየሁት። አንደበቱን ልቀድመው ወሰንኩ። በእሱ አፍ ከሚወጣ በእኔ ይውጣ።

«ፓስወርዱን የሰጠሁት እኔ ነኝ።»

«ፊደል አላውቅም ብለሽን አልነበር?»

«አላውቅም። ወረቀት መገልበጥ ግን አውቃለሁ።»

«እማዬ! ለአብነት ብትነግሪው በአምስት ደቂቃ ይቀይረው ነበር። እኔን እዚያ… ቢቋረጥስ ኖሮ?»

«ዕድሜ ልክሽን ትሰድቢኝ ነበር። አሁንም ስደቢኝ።»

አልሰደበችኝም። ትታኝ ሄደች፤ ይሄ ከስድቡ ባሰ። ሦስት ቀን አላናገረችኝም። ፈተናውን ማለፍ አለማለፏ ገና አልተነገረም፤ ከእንግዲህ የጭንቅላቷ ጉዳይ ነው።

ፓስወርዱ አልተቀየረም። ትግስት ማታ ማታ እናቷን ታያለች። ሉቃስ ለገመዱ ሁለቴ መጥቷል። ሁለቴም ሣጥኑ ላይ የሚጠፉትን ነገሮች አንድ በአንድ ንገረኝ አልኩት፤ ሁለቴም አንዷን ረሳ።

ገመዱ ትራሴ ሥር ነው። አጥንቶ ይምጣ።