የብርካው ልክ

በ1992 ዓ.ም. የሚያዝያው ዝናብ ቀረ። መጀመሪያ ላሞቹ አለቁ፤ ቀጥሎ በጎቹ። ግመሎቹ ቆሙ፤ ወተታቸው ግን ደረቀ። ከአይሻ ወዲህ ባለችው መንደራችን የቀረን አንድ ብርካ ነበር፤ ዝናብ የምናጠራቅምበት የሲሚንቶ ጉድጓድ።

እኔ የቀበሌው ሊቀመንበር ነበርኩ። ከዚያ በፊት ከጅቡቲ በሚነሱ የጭነት መርከቦች ላይ አሥራ ስምንት ዓመት ሠርቻለሁ። ሰው የመረጠኝም ለዚሁ ነው፤ ባሕረኛ ውሃ መቆጠብ ያውቃል ብለው። መርከብ ላይ የመጠጥ ውሃ የሚለካው በዘንግ ነው። እስከ ታች ትሰደዋለህ፣ ታወጣዋለህ፣ የረጠበውን ታነባለህ። ብርካውንም እንደዚያው ለካሁ።

"ሃያ ቀን ይበቃናል" አልኩ። "ወረዳው ቃል የገባልን የውሃ ቦቴ እስኪመጣ ማንም አይነሳ።"

ውሃ ወዳለበት ባቡር ጣቢያ ሊሰደዱ የጫኑ ሰዎች ጭነታቸውን አወረዱ።

በአሥራ አንደኛው ቀን የጎረቤቴ የቢሻሮ ባልዲ ጭቃ ይዞ ወጣ። እግሬ ሥር አስቀመጠችው። እንደ አጎት አዴር ትለኛለች።

"አዴር ኤልሚ፣ ይህን ልጆቼን ላጠጣቸው ወይስ ቤት ልለስንበት?"

 ሰው ጥፋተኛውን ለማግኘት አልቆየም። የብርካው ቁልፍ ማሃሙድ ጋ ነበር፤ ጠባቂው እሱ ነው።

"ለነጋዴ ሸጦታል" አለ ኸሊፍ፣ ከመንደሩ ሰዎች አንዱ። "የዘጠኝ ቀን ውሃ መሬት አይውጠውም።"

ውሃ የሸጠ ከመንደር ይባረራል። በዚያ ወራት መባረር ማለት መሞት ነው።

ሽማግሌዎቹ ማሃሙድን ሊዳኙ ግራሩ ሥር ሲሰበሰቡ ብቻዬን ወርጄ ዘንጉን ሰደድኩ። እስከ ክንዴ ርዝመት ጭቃ ይዞ ወጣ። የመርከብ ታንከር ታቹ ብረት ነው። ብርካ ታች ግን ጎርፍ ያመጣው ደለል አለ። ዘንጉ ደለሉን ሰንጥቆ ሲሚንቶው ጋ ደርሶ ነበር፤ እኔ የረጠበውን ሁሉ ውሃ ብዬ ቆጥሬያለሁ።

ዙሪያዬን አየሁ። ማንም የለም። ዘንጉን በሽርጤ ጠረግሁት።

ከማሃሙድ ጋር አንድ መርከብ ላይ ነበርን። በ1966 እኔ ታንከሩን በስህተት አንብቤ ባሕር መሃል ውሃ አለቀብን። ካፒቴኑ ማን እንደለካ ጠየቀ። ሚስቴ አርግዛ ነበር፤ ዝም አልኩ። ማሃሙድ "እኔ ነኝ" አለ። ኤደን ወደብ ላይ አወረዱት፤ ከዚያ ወዲህ የሚቀጥረው መርከብ አላገኘም። እኔ ግን ሌላ ሰባት ዓመት ሠራሁ። አንድም ቀን አንስተነው አናውቅም።

ግራሩ ሥር ስደርስ ሽማግሌዎቹ እየጠየቁት ነበር።

"ማሃሙድ፣ ተናገር እንጂ።"

"ቁልፉ እኔ ጋ ነው። ሌላ የምለው የለኝም።"

ፊቴን አላየም። ሽርጤን ግን አይቶታል።

ቆምኩ። 

"የለካሁት እኔ ነኝ" አልኩ። "ደለሉን ውሃ ብዬ ቆጠርኩት። ይህ ሰው ጠብታ አልሸጠም። ጭቃው ይኸው፣ ሽርጤ ላይ።"

የቀበሌውን ማህተም ከኪሴ አውጥቼ ሽማግሌዎቹ የተቀመጡበት ምንጣፍ ላይ አኖርኩ። ኸሊፍ መሬት መሬት አየ። መጀመሪያ የተነሳችው ቢሻሮ ናት።

"እንግዲያው እንጫን" አለች። "ተቀምጠን የምንጠብቀው የለም።"

ያለውን አጥልለን ለልጆቹ ያዝን። አዋቂ አልጠጣም። በማግስቱ ረፋድ ላይ ጣቢያው ስንደርስ ሰው ቆጠርን፤ ማንም አልጎደለም።

ማሃሙድ ጥላ ሥር አጠገቤ ተቀመጠ። ከንፈሩ ተሰነጣጥቋል።

"ይቺንም ጥፋት ለእኔ ብትተዋት ምን ነበረበት" አለኝ። "ለምጄው ነበር።"

"አንዷ ትበቃሃለች" አልኩት።

ጣቢያው የሰጠኝን አንድ ኩባያ ውሃ ዘረጋሁለት። ተቀብሎ ጠጣ።