ተራራውን በግራ ትከሻዬ

አእምሮዋን ስታለች አሉኝ። ፊት ለፊት አይደለም፤ ፊት ለፊትማ ማን ደፍሮኝ? እዚያው ምድጃው አጠገብ ተቀምጬ ለጎረቤቶቼ ሻይ እየቀዳሁላቸው፣ ስለ አንዲት ላም ሽባ እግር እንደሚመካከሩ ሁሉ፣ በእኔ አናት ላይ እርስ በርስ ሲነጋገሩ ነው የሰማሁት። ጆሮዬ ግን ደህና ነው፤ ተመስገን።

ምክንያታቸው ምን መሰላችሁ? አንድ ቀን ጠዋት የመንደራችንን ጮርተን፣ ያንን ነጩን የጸሎት ግንብ፣ በግራ ትከሻዬ አድርጌ ስዞር ታየሁ። በእኛ መንደር ሰው ሁሉ በቀኝ ትከሻው አድርጎ ነው የሚዞረው። ሕፃኑም፣ ሽማግሌውም፣ ሰካራሙም። ውሻው እንኳ ጌታውን ተከትሎ በዚያው ይዞራል። ጎረቤቴ ሚግማር ከደጇ ብቅ ብላ አየችኝ፤ ለልጄ ስልክ ለመደወል ያን ቀን የሮጠችውን ሩጫ በልጅነቷም ሮጣ አታውቅም።

«ለምን እንዲህ ዞርሽ?» ብሎ የጠየቀኝ አንድ ሰው የለም። ቢጠይቁኝ እነግራቸው ነበር። እኅቴ ዩዶን ሞታ ነው። ወሬውን ከወንዝ ማዶ የመጣ የጭነት መኪና ሹፌር ነበር የነገረኝ፣ ሥጋዋ በአገራችን የቀብር ወግ ተራራ ላይ ለአሞሮቹ ከተሰጠ ከሰነበተ በኋላ። አልቅሼ አልሸኘኋት፣ የቅቤ መብራት አላበራሁላት። እንግዲህ ምን ላድርግ? ጠዋት ተነሥቼ በእሷ መንገድ ዞርኩላት።

በእሷ መንገድ ያልኩት፣ የተወለድነው የጥንቱን የቦን እምነት ከያዘ ቤት ስለሆነ ነው። የቦን ወገን ገዳሙንም ተራራውንም በግራ ትከሻው አድርጎ ነው የሚሳለመው። የባሌ ወገን ደግሞ በቀኝ። ጸሎቱም ይለያያል፤ የመብራቱ ቅቤ ግን ከአንድ ላም ነው። በሠርጌ ቀን ከፈረስ ወርጄ የባሌን መንደር ጮርተን ልሳለም ወደ ግራ ስነሣ፣ አማቴ ሁለት ትከሻዬን ይዛ አዞረችኝ። ክፉ ሴት አልነበረችም፤ እጇ ግን ከባድ ነበር። ከዚያ ቀን ጀምሮ በቀኝ ዞርኩ። ልጆች ወለድኩ፣ በቀኝ ዞርኩ። ባሌን ሸኘሁ፣ በቀኝ ዞርኩ። ልጆቼ እናታቸው ከወንዝ ማዶ እንደመጣች ሰምተዋል፤ ከዚያ አልፈው ጠይቀው አያውቁም። እናት ከምድጃው ሥር የበቀለች ይመስላቸዋል።

ልጄ ፓሳንግ ሺጋጼ ከተማ፣ አምስተኛ ፎቅ ላይ ነው የሚኖረው። ሚግማር የነገረችውን ሰምቶ፣ ቤቴ ተዘግቶ፣ ላሜ ተሽጣ እኔ እሱ ዘንድ እንድገባ ቆረጠ። ያንን ቤት አንዴ አይቼዋለሁ። መስኮቱ የሚያሳየው የሌላ ሰው መስኮት ነው። እዚያ ገብቼ ምኑን እዞራለሁ? ሶፋውን?

የፓሳንግ ልጅ ጃምፔል የውጭ አገር ሰዎችን በትንሽ መኪና ከገዳም ገዳም እያዞረ የሚያስጎበኝ ነው። በመንደራችን በኩል የሚያልፍበት ቀን ሲደርስ፣ አንድ ወንበር ባዶ ስለሆነ እየተዝናናሁ ከተማ ድረስ እንድሄድ ጋበዘኝ። አባቱ «ይዘሃት ና፤ በመንገድ ላይም ሁኔታዋን እያየህ ንገረኝ፤ በሽታ ከሆነ አትመለስም» ያለውን ግን አልነገረኝም። ያን የነገረችኝ ሚግማር ናት። በሚግማር ሆድ ነገር አድሮ አያውቅም፤ ለዚህ ለዚህ ትጠቅማለች።

አልሄድም ልል አፌን ከፍቼ ነበር። ከዚያ ግን የትኞቹን ገዳማት እንደሚያዩ ጠየቅሁት። ቆጠረልኝ። የመጨረሻው ሼልሪ ነበር።

አፌን ዘጋሁ። ሼልሪ ከተወለድኩበት መንደር በላይ፣ ተራራው ወገብ ላይ ያለው የእኛ ገዳም ነው። ከሠርጌ ወዲህ ዓይኔ አላየውም። የእንጨት ዋንጫዬን ብብቴ ውስጥ ከተትኩ፣ ከሣጥኔ ሥር አንድ ቀይ የጸጉር ክር አወጣሁ፣ ላሜን ለሚግማር አደራ ሰጠሁ። «እስክመለስ» አልኳት፤ እስክመለስ የሚለውን ጠበቅ አድርጌ።

ወንበሬ ከኋላ፣ ከሻንጣዎቹ ጋር ነበር። ከፊቴ የተቀመጡት አንድ ባልና ሚስት፣ እንዲሁም ጸጉራቸው የሸበተ ሁለት እኅትማማቾች ናቸው። ስማቸውን ነግረውኛል፤ ምላሴ ስላልያዘው ትልቋና ትንሿ ብያቸዋለሁ። በመስኮቱ ሲጣሉ ነው የዋሉት። ቋንቋቸውን ባልሰማም የጠባቸውን ዜማ አውቀዋለሁ፤ ታላቅ «ያን ጊዜ አንቺ ነበርሽ» ስትል፣ ታናሽ «ውሸት» ስትል። እኔና ዩዶንም ፈረስ ላይ ተፈናጠን በዚያው ዜማ ነበር የምንጣላው።

ከተራራው ማለፊያ ላይ ስንደርስ ነፋሱ የጸሎት ጨርቆቹን እያርገበገበ ተቀበለን። ሹፌሩ ድራዱል መስኮቱን ከፍቶ ለአማልክቱ ጮኸ፣ እኔም ጮኽኩ። ባልየው ከቆርቆሮ ውስጥ አየር ይስብ ጀመር። ትንሿ ወርዳ አስታወከች፤ ጀርባዋን አሸሁላት፣ ከዋንጫዬ ጨው ያለው ሻይ አጠጣኋት። ጃምፔል እሷን ትቶ እኔን አመመሽ ወይ ይለኛል። እዚህ ከፍታ ላይ ተወልጄ፣ እዚህ ከፍታ ላይ ወልጄ! እኔን የሚያመኝ ወደ ታች ስወርድ ነው።

ማታ ማታ ከአባቱ ጋር በስልክ ያወራል። አንድ ነገር ሁለቴ እንደምጠይቅ ሲነግረው ሰማሁ። እውነት ነው፤ ሼልሪ መቼ እንደምንደርስ ሁለቴ ጠይቄዋለሁ። በመጀመሪያው ስላልመለሰልኝ ነው።

ብዙ ገዳም አየን። በቅቤ ጢስ የጠቆረ ግድግዳ፣ ከሰው እግር ብዛት መሐላቸው የተቦረቦረ የእንጨት ደረጃዎች። በአንዱ ገዳም ደረጃው ቀጥ ያለ መሰላል ነበርና ትንሿ ለመውረድ ፈራች። ትልቋ ቀድማ ወርዳ፣ እግሯን በእጇ እየያዘች አንድ በአንድ መወጣጫው ላይ አኖረችላት። ዩዶን እንዲህ ታደርገኝ ነበር። እያደረገችኝም ትሰድበኝ ነበር፤ «አንቺ በግ፣ በግ እንኳ ወደ ታች ያያል» እያለች።

ሼልሪ የደረስነው ፀሐይ ከፍ ስትል ነው። ከመኪናው ሳልወርድ ሽታው አገኘኝ፤ የጥድ ጢስ፣ እርጥብ ድንጋይ፣ የፍየል በጠጥ። ጃምፔል እንግዶቹን ሰብስቦ፣ የዚህ ገዳም ሰዎች በግራ ስለሚዞሩ እነሱም በግራ እንዲዞሩ ነገራቸው። ጥሩ አድርጎ ነገራቸው፤ እጁን እያዞረ ሁሉ አሳያቸው። ከዚያ ወደ እኔ መጣና ድምፁን ለስለስ አድርጎ፣ ለሕፃን እንደሚነገረው፣ «ሞሞ፣ አንቺ ከድራዱል ጋር ፀሐይ ሙቂ። ይሄ የእኛ ወገን ገዳም አይደለም፣ ቅር ይልሻል» አለኝ።

ሞሞ ማለት አያቴ ማለት ነው፤ ጠሪው ግን አያቱን አያውቃትም። እነሱ ገቡ። ድራዱል ባርኔጣውን ፊቱ ላይ ደፍቶ ማንኮራፋት ጀመረ። ተነሣሁ።

ተራራውን በግራ ትከሻዬ አድርጌ ዙሪያውን የሚሄደውን መንገድ ያዝኩ። መጀመሪያ ላይ እግሬ እንደ ሌባ ነበር የሚረግጠው። አማቴ ከኋላዬ መጥታ ትከሻዬን የምትይዝ መሰለኝ። ትንሽ እንደሄድኩ ግን ጉልበቴ ራሱ መንገዱን አወቀው፤ እዚህ ጋ ከፍ፣ እዚህ ጋ ዝቅ፣ እዚህ ጋ ከምንጩ ጎንበስ ብለሽ ጠጪ። እናቴ ከፊት የጸሎት መዘውሯን እያዞረች ስትሄድ፣ እኔና ዩዶን ከኋላ የጫማዋን ኮቴ እየረገጥን ስንከተል፣ የልብሷ ጫፍ አቧራ ሲያነሣ ታየኝ። ያ አቧራ አፌ ውስጥ ገባ ልበላችሁ? ገባ።

ከተራራው ጀርባ ሁለት ቋጥኝ ተጠጋግተው የቆሙበት ጠባብ ስንጥቅ አለ። ኃጢአት የከበደው ሰው እዚያ መሐል ይጣበቃል ይባላል። ዩዶን በልጅነቷ አንዴ ተጣብቃ አገር ይያዝልኝ አለች። እናቴ ኃጢአቷን እንድትናዘዝ ስታስጨንቃት፣ ከደረቷ ውስጥ ከጓዳ የሰረቀችው ደረቅ አይብ እየተንከባለለ ወጣ። አይቡ ሲወጣ እሷም አለፈች። እናቴ ስቃ መሬት ላይ ቁጭ አለች። እናቴ እንዲያ ስትስቅ ያየኋት ያን ቀን ብቻ ነው።

በጎኔ ዞሬ ገባሁበት። አለፍኩ። ኃጢአቴ ቀሎ ይሁን ሥጋዬ አልቆ፣ አላውቅም።

ከስንጥቁ ባሻገር አንድ ያረጀ ጥድ አለ። ሰው የሞተበት ሰው እዚያ ላይ የሟቹን አንዳች ነገር ያስራል፤ ቆብ፣ እጅጌ፣ የሕፃን ጫማ። ቀዩን ክር ከብብቴ አወጣሁ። በሠርጌ ጠዋት ጸጉሬን የሠራችኝ ዩዶን ነበረች፤ ስትጨርስ የራሷን ክር ፈትታ ጫፉን አሰረችልኝና፣ «አማትሽ ጸጉርሽን ነጭታ ከጨረሰችው ክሬን መልሺልኝ» አለችኝ። ጸጉሬን ዕድሜ ነጨው። ክሩን ቅርንጫፉ ላይ አሰርኩላት። ሁለቴ ቋጠርኩት፤ ነፋሱን አውቀዋለሁና።

እዚያው ቆሜ ሳለሁ አንዲት የዕድሜ እኩያዬ የሆነች አሮጊት ከስንጥቁ ወጣች። ከላይ እስከ ታች ካየችኝ በኋላ የማን ልጅ እንደሆንኩ ጠየቀችኝ። የአባቴን ቤት ስም ነገርኳት።

«የዩዶን ታናሽ ነሽ?» አለች። «ያቺ ማዶ ተድራ የቀረችው?»

«እኔው ነኝ።»

«መቼም አልመጣሽም ብላ ስትሰድብሽ ነው የሞተችው» አለችኝና እጄን ያዘችኝ። እኔም ደስ አለኝ። የረሱትን ሰው ማን ይሰድበዋል?

ተያይዘን መንገዳችንን ስንቀጥል፣ ከፊታችን ጃምፔል እያለከለከ መጣ። በኋላ እንደሰማሁት፣ ከገዳሙ ወጥቶ ሲያጣኝ ደንግጦ፣ ጭንቅላቷ ቢስት እግሯ የለመደውን አይስትም ብሎ በቀኝ በኩል ከኋላ ሊደርስብኝ ሮጧል። ገዳማቱን ሁሉ የሚያውቅ ልጅ ተቃራኒውን ይዞ ገሰገሰ፤ ተከትለውት ደግሞ ድራዱል፣ ከድራዱል ኋላ ሁለቱ እኅትማማቾች እጅ ለእጅ ተያይዘው። ከእነሱ ጋር ፊት ለፊት ተገጣጠምን። ስልኩ ጆሮው ላይ ነበር።

«አገኘኋት አባዬ፤ ጠፍታ ነው» ሲል ሰማሁት። «በተቃራኒው እየመጣች ነው።»

አሮጊቷ ቀደመችኝ። «አንተ ልጅ፣ ከመንገዱ ውጣ። ፊታችንን ዘጋህ እኮ። እዚህ እንዲህ አይዞርም።»

ጃምፔል ተራራውን አየ፣ የቆመበትን አየ፣ እኔን አየ። ጠዋት ለእንግዶቹ ያሳየበት እጁ አየር ላይ ቀረ። ጆሮው ድረስ ቀላ።

«ሞሞ፣ ግን አንቺ… ለምን በግራ?»

«ይህች የዩዶን እኅት ናት» አለችው አሮጊቷ፤ «እዚህ ነው የተወለደችው።»

«ዩዶን ማናት?» አለ።

ያንን ጥያቄ ምን ያህል ጊዜ እንደጠበቅሁት! ከልጄ ጠብቄው ነበር፤ ከልጅ ልጄ መጣ። ልቆጣው አስቤ ነበር፣ አልሆነልኝም። ከዚያ ይልቅ ክንዱን ይዤ አዞርኩት፤ አማቴ እንዳዞረችኝ አይደለም፣ ቀስ ብዬ። በግራ ጎኔ አስገባሁት፣ በእኔና በተራራው መሐል፣ እየሄድንም ስለ አይቡ ነገርኩት። ሳቀ። ስለ ክሩ ስነግረው አልሳቀም። ከኋላችን ሁለቱ እኅትማማቾች እንደገና በአንዳች ነገር ይጣላሉ።

መጨረሻ ላይ፣ «ለምን ነግረሽን አታውቂም?» አለኝ።

«ለምን ጠይቃችሁኝ አታውቁም?»

ይህን ጊዜ ከስልኩ ውስጥ የልጄ የፓሳንግ ድምፅ እንደ ታሰረ ንብ እዝ እዝ ይላል። ሳይዘጋው ኖሯል። እናቴ ምን ሆነች እያለ ይጣራል። ጃምፔል ስልኩን ሊሰጠኝ ዘረጋው፤ መልሼ ወደ ጆሮው ገፋሁለት። ሁኔታዋን እይ ተብሎ የተላከው እሱ ነው፤ ያየውን ይናገር።

«ስማኝ፣ ጃምፔል» አልኩት። «ያየኸውን ለአባትህ ንገረው። አምስተኛ ፎቅ አልወጣም በለው። ነገ ድራዱል ወደ ቤቴ ይመልሰኛል፤ ላሜ ትጠብቀኛለች። ቀኔ ሲደርስ ከገዛ ደጄ ታወጡኛላችሁ። ለአሞሮቹ ከመስጠታችሁ በፊትም ጮርተኑን አንድ ጊዜ ታዞሩኛላችሁ፤ በግራ። መንደሩ ቢያጉረመርም ያጉረምርም፣ ሚግማር ብትደውል ትደውል። በል አሁን፣ እኔ እየሰማሁ፣ አንድ ቃል ሳታጎድል ንገረው።»