ኪራይ በዓል አያከብርም

አቶ ሀብተወልድ አህያቸውን ከድንጋዩ ክምር አጠገብ አቁመው ድጅኖውን ሊጭኑ ሲሉ ገብረመድኅን ከግድግዳው ላይ ወርዶ ክንዳቸውን ያዘ።

"ምነው ጋሼ፣ ግድግዳው ገና ከወገብ ሳያልፍ ዕቃውን ወዴት ሊወስዱት ነው?"

"ወሩ ሞላ ልጄ።" አቶ ሀብተወልድ እጃቸውን ቀስ ብለው አስለቀቁ። "የተከራየኸው ለአንድ ወር ነው። ግንቦት ደግሞ ገብታ ወጣች።"

"እኛ እኮ የወሩን እኩሌታ እንኳ አልሠራንም።"

"እሱን ከግንበኛህ ጋር ተነጋገር።"

ግንበኛው ለገሠ ነገሩ እሱን እንደማይመለከት ሁሉ ጭቃውን ማገላበጥ ያዘ። ምን ይበል? እውነቱን ሁሉም ያውቀዋል።

ገብረመድኅን መኪና ግርግር ከሚባለው የሰፊዎች መንገድ ላይ ቁጭ ብሎ ሱሪና ኮት ሲሰፋ የኖረ ሰው ነው። ከሐኪም ጋራ ግርጌ ቦታ ሲያገኝ በድንጋይና በጭቃ ሁለት ክፍል ቤት ሊሠራ ተነሣ። የግንባታ ዕቃ ግን አልነበረውም። ዕቃ ያላቸው ደግሞ አቶ ሀብተወልድ ናቸው። ጣሊያን ሲወጣ መንገድ ሠራተኞቹ ትተውት የሄዱትን ድጅኖና ዶማ፣ አካፋ፣ መዶሻ፣ ባሬላና መሰላል ሰብስበው ይዘው፣ እስከ ዛሬ ቤት ለሚሠራው ሁሉ ያከራያሉ። በቀን ቢሉት ውድ ነው፤ በወር ቢሉት ይረክሳል። ገብረመድኅን በወር ተከራየና ብልጥ የሆነ መሰለው።

ያላሰበው ነገር ቢኖር በዓሉ ነበር። እሱም በዓል አክባሪ ነው፤ ለገሠ ደግሞ ይብስበታል። ልደታ ገባች፤ ቆሙ። አቦ መጣ፤ ቆሙ። ሥላሴ፣ ሚካኤል፣ ኪዳነ ምሕረት፣ ገብርኤል፣ ማርያም እያለ ወሩ አለቀ። እሑዱ ሲታከልበትማ አይነሣ። ዓርብ ዓርብ ደግሞ ድንጋይ የሚሸከሙት የአቦከር ሰፈር ልጆች ለጁምዓ ይሄዱና ለገሠ የግንበኛ ማንኪያውን ይዞ ድንጋይ አልባ ይቀመጣል። ዕቃው ግቢው ውስጥ ተጋድሞ ፀሐይ ይሞቃል፤ ኪራዩ ይቆጥራል። ኪራይ እንደሁ ጾም አያውቅ፣ በዓል አያከብር!

"ለሰኔም ልተውልህ?" አሉ አቶ ሀብተወልድ። "እንዳለፈው ቅድሚያ ከከፈልክ እኔ ምን ቸገረኝ።"

"ተዉት ጋሼ፤ እገዛለሁ። የሰው ዕቃ ሰለቸኝ።"

"እግዜር ያሳካልህ" ብለው አህያቸውን ጭነው ቁልቁል ወረዱ።

ሚስቱ የሺ ምሳ ይዛ ስትመጣ ባሏን ጎዶሎው ግድግዳ ላይ ተቀምጦ አገኘችው። ነገሩን ሲነግራት ምሳውን እያቀረበች ሰማችው፤ "እገዛለሁ" ያለው ላይ ሲደርስ ግን ሳህኑን አስቀመጠች።

"በምን ትገዛለህ?"

"ለቆርቆሮው ካስቀመጥነው።"

"ታዲያ ቤቱን በምን ልታለብሰው ነው? በአካፋ?"

"የሺ፣ አትቀልጂ። የስፌት መኪናውን ስከራይ የኖርኩበትን ዘመን ረሳሽው? ሳመሽ ለባለቤቱ፣ ሳነጋ ለባለቤቱ። ከገዛሁት ወዲህ ነው ሰው የሆንኩት።"

"መኪናህ በየቀኑ ይሰፋል፤ በየቀኑም ያበላናል። ቤቱ ካለቀ በኋላ ድጅኖው ምን ሊሆንህ ነው? ታጥቀኸው ልትዞር?"

የሺ ቀና ብላ ጋራውን አየች። በጋራው ጫፍ ላይ ደመና ተኮልኩሏል። ሰኔ ገብቷል፤ ክረምቱ ደጅ ላይ ነው። በጭቃ የተገነባ ግድግዳ ጣራ ሳይለብስ ዝናብ ካገኘው ጭቃው ታጥቦ ድንጋዩ ይናዳል፤ ያ ሁሉ ልፋት በአንድ ሌሊት መና ይቀራል። ይህ ለሁለቱም አዲስ ነገር አልነበረም።

"ታች ያሉት አው ሙሜም ግድግዳቸውን ጀምረው ቆመዋል" አለች የሺ ቀስ ብላ። "ዕቃ አጥተው ይመስለኛል። አንድ ላይ ብትከራዩስ?"

ገብረመድኅን ፊቱን አዞረ። ጎረቤቱ ሁሉ በአክብሮት "አው" የሚላቸው ሙሜ ከታች ያለው ቦታ ባለቤት፣ ሽማግሌ የጥራጥሬ ነጋዴ ናቸው። የገብርኤል ዕለት ዕቃው ግቢ ውስጥ ተጋድሞ ሲያዩ፣ ራሳቸው ዳገቱን ወጥተው፣ "ዛሬ ካረፋችሁበት ለአንድ ቀን አውሰኝ" ብለውት ነበር። እሱም "የሰው ዕቃ ነው፣ ቢሰበርስ" አላቸው። እዚያ ላይ ቢያቆም ደግ ነበር። ግን ጨመረበት፤ "ደግሞስ በገብርኤል ቀን የብረት ድምፅ እንዲሰማ አልፈልግም" አላቸው። ሽማግሌው ባዶ እጃቸውን ዳገቱን ወረዱ። ከዚያ ወዲህ በመንገድ ሲያያቸው አንገቱን ደፍቶ ነው የሚያልፈው።

"በምን ፊቴ?" አለ።

"በዚሁ ፊትህ። ሌላ ከየት ታመጣለህ? እንጀራህን ብላና ሂድ።"

በላና ሄደ። ቁልቁለቱ አጭር ነበር፤ ለእሱ ግን ረዘመበት። አው ሙሜ ያልጨረሱት ግድግዳ ጥላ ሥር ጫታቸውን ይዘው ተቀምጠዋል።

"እንደምን ዋሉ አው ሙሜ?"

"አልሐምዱሊላህ። ና፣ ተቀመጥ።"

አልተቀመጠም። "የገብርኤል ዕለት የተናገርኩዎት ነገር ሲቆጨኝ ከርሟል። ይቅርታ ልጠይቅዎ ነው የመጣሁት። ችግርም ይዤ ነው፤ አልዋሽም።"

አው ሙሜ የያዙትን ጫት አስቀመጡ። "ዕቃውን ስለከለከልከኝ አልተቀየምኩም። የሰው ዕቃ አማና ነው፣ አደራ ነው፤ ቢሰበር አንተ ነህ የምትጠየቀው። ድምፁ እንዳይሰማ ያልከው ነው የከፋኝ። ጎረቤት ሆነን ልንኖር አይደል? የናንተ ደወል ሲደወል እኔ እሰማለሁ፤ የኛን አዛን አንተ ትሰማለህ። መዶሻዬን መስማት እንዴት ከበደህ?"

"ልክ ነዎት" አለ ገብረመድኅን። "አጠፋሁ።"

"ይሁን፤ አለቀ። አሁን ተቀመጥና ችግርህን ንገረኝ።"

ተቀመጠ፤ ነገራቸው። ወሩ በበዓል ማለቁን ሲሰሙ ሽማግሌው ሆዳቸውን ይዘው ሳቁ፤ እሱም ሳይወድ በግዱ ሳቀ።

"አንተ የምታርፍበትን ቀን እኔ ልሥራበት" አሉ ሳቃቸውን ጨርሰው። "ዓርብ እኔ መስጊድ ስሄድ ዕቃው ያንተ ነው፤ ድንጋይህን ሐሙስ ማታ አስከምር። በቀረው ቀን ጠዋት አንተ፣ ከሰዓት እኔ። ኪራዩን እኩል እንከፍላለን። ኢንሻ አላህ ሁለታችንም ክረምቱን ጣራ ሥር እንገባለን።"

አቶ ሀብተወልድ ይህን ሲሰሙ መጀመሪያ አንገራገሩ፤ ዕቃቸው አንድም ቀን ላያርፍ ሆነ። ሁለት ተከራይ በአንድ ላይ ደጃቸው ቆሞ ማየቱ ግን ደስ ሳያሰኛቸው አልቀረም። "የሚሰበረውን ትተኩልኛላችሁ" ብለው ሰጧቸው። ድጅኖው ዳገቱን መውጣትና መውረድ ጀመረ። የገብረመድኅን ግድግዳ ከመስኮቱ ደፍ አለፈ፤ የሺም የቆርቆሮውን ዋጋ ልትጠይቅ ገበያ ወጣች።

አቦ ሲደርስ ዕቃው እንደ ስምምነቱ ከጠዋት ጀምሮ ታች ዋለ። ገብረመድኅን አስቀድሶ ከለገሠ ጋር ሲመለስ ደመናው ከወትሮው ዝቅ ብሎ አገኘው። ልቡ ፈራ። ዕቃው ዛሬ እኔ ዘንድ ቢሆን ኖሮ አንድ መደዳ ባስጨረስኩ ነበር ብሎ አሰበና ወዲያው በራሱ አፈረ። ከታች መዶሻው ድንጋዩን ሲመታ ይሰማል።

ወደታች ሲመለከት አንደኛው ተሸካሚ እንደ ቀረ ገባው። ባሬላ ያለ ሁለት ሰው አይነሣም። ፊት ለፊት አንድ ጎረምሳ ይዟል፤ ከኋላ የያዙት ራሳቸው አው ሙሜ ናቸው። ጥቂት ይራመዱና ያስቀምጡታል፤ ወገባቸውን ይይዛሉ፤ እንደገና ያነሡታል።

ገብረመድኅን ነጠላውን አውልቆ ማጠፍ ጀመረ።

"ምን ልታደርግ ነው?" አለው ለገሠ። "አቦ እኮ ነው። ሰው ምን ይላል?"

"የአቅመ ደካማ እርሻ በበዓል ቀን በደቦ ሲታረስ አላየህም?"

"አው ሙሜ ድሃ አይደሉም።"

"ወገባቸው ድሃ ነው" አለ ገብረመድኅን። ነጠላውን ለለገሠ አስይዞ ወረደ።

ለገሠ ነጠላውን እንደታቀፈ ቀረ። አው ሙሜ የሚመጣውን ሰው ሲያዩ ባሬላውን አስቀመጡ፤ ላባቸውን በሽርጣቸው ጫፍ ጠረጉ።

"ዛሬ በዓልህ አይደለም እንዴ?" አሉት።

"ነው። ለዚህ ነው የራሴን የማልሠራው" አለና ጎንበስ ብሎ የባሬላውን እጀታ ያዘ።