የወንድሙ አንደበት

"ካት!" አለ ዳይሬክተሩ ሳቁን እንደምንም ዋጥ አድርጎ። "ግሩም ነው! ግን 'በር' የምትለዋ ላይ ትንሽ ጎተት አድርጋት። ተመልካቹ የሚወዳት እሷን ነው።"

የዘበኛ ልብስ የለበሰው ተዋናይ ጉሮሮውን ጠረገ። "በ-በ-በ-በር ላይ ማነው?"

የካሜራ ባለሙያው ሳይቀር ሆዱን ይዞ ሳቀ።

ለዚህ ሳቅ ብዙ ደጅ ጠንቷል። ሥራውን የጀመረው በሞዴልነት ነበር። ቁመናው ያማረ ስለሆነ ልብስ ሰፊዎች ኮታቸውን እያለበሱ ፎቶ ያነሱት ነበር። መልኩ ፊልም ውስጥ አስገባው፤ አፉን ሲከፍት ግን ነገሩ ሁሉ ይበላሻል። "መልከ መልካሙ ግንድ" የምትል ቅጽል ስም ወጣችለት። ተስፋ ቆርጦ ወደ ፎቶው ሊመለስ ሲል፣ ለቴሌቪዥን ተከታታይ ድራማ ተብታባ ዘበኛ ይፈለጋል ተባለ። ኦዲሽኑ ላይ የሚንተባተበውን የታላቅ ወንድሙን አንደበት አውጥቶ አሳያቸው። እዚያው ቀጠሩት።

በምሳ ሰዓት የወንድሙ ሚስት ደወለች።

"ወንድምህ ሰው ማናገር ትቷል" አለችው። "ልጃችን ትምህርት ቤት 'የዘበኛው ልጅ' እያሉ ስለሚስቁባት፣ 'አባዬ፣ የወላጆች ስብሰባ ላይ አንተ አትምጣ፣ እማዬ ትምጣ' ብላዋለች። ከዚያ ወዲህ እኔንም በምልክት ነው የሚያናግረኝ። ልወቅስህ ብዬ አይደለም..." ስልኩን ዘጋችው።

ምሳውን ገፍቶ ተነሳ። ልብሱን ቀይሮ፣ ወንድሙ ራዲዮና ቴሌቪዥን ወደሚጠግንባት ጠባብ ሱቅ ገሰገሰ። ወንድሙ መበየጃውን ሳያስቀምጥ በአገጩ ወንበር አሳየው።

"ጋሼ፣ ይቅር በለኝ። እንዲህ ይሆናል ብዬ አላሰብኩም።"

ወንድሙ መበየጃውን አስቀመጠ።

"መ-መጀመሪያ ደስ ብሎኝ ነበር" አለ። "ታ-ታናሼ ተሳካለት ብዬ ጎረቤቱን ሁሉ ጠርቼ ነው ያሳየሁት። ቴ-ቴሌቪዥን ላይ ቃለ መጠይቅ ሲያደርጉልህ ግን 'ያቺን አነጋገር ከ-ከየት አመጣሃት?' ሲሉህ 'ከጭንቅላቴ' አልክ። በ-በኔ አፈርክ።"

ተዋናዩ ለመናገር ከንፈሩን ሲያላቅቅ፣ አንድ ደንበኛ ራዲዮ ታቅፎ ገባ።

"ወይኔ! ዘበኛው!" ደንበኛው ራዲዮውን ጠረጴዛው ላይ ጥሎ ስልኩን ደገነ። "በናትህ፣ ያቺን አንዴ ብቻ በላት! ልጆቼ አያምኑኝም!"

ወንድሙ አቀረቀረ።

"አልላትም" አለ ተዋናዩ። "የኔ አይደለችም። ከወንድሜ ወስጃት ነው።"

ደንበኛው ሁለቱን ተራ በተራ አየና ስልኩን ቀስ ብሎ አወረደ። "እሺ... ይሄ ራዲዮ መቼ ይደርስልኛል?"

"ማ-ማ-ማ..." አለ ወንድሙ፤ የአንገቱ ሥር ተገታተረ።

ደንበኛው እርዳታ ፍለጋ ወደ ተዋናዩ ዞረ። ከምሳ አልተመለሰምና በተዋናዩ ኪስ ውስጥ የዳይሬክተሩ ጥሪ ይንጫረራል። ተዋናዩ ከልጅነቱ ጀምሮ የወንድሙን ቃል ነጥቆ መጨረስ ልማዱ ነበር። አሁን ስልኩን አጠፋና አፉን ገጥሞ፣ ወንድሙ ራሱ እስኪጨርሳት ድረስ ጠበቀ።