የገንዳዎቹ ባለቤት

የባለቤቴ ታናሽ ወንድም ትልቅ ሰው መስሎ ለመታየት የማያደርገው ነገር አልነበረም፤ ትልቅ ሰው ከመሆን በቀር። ሰፈሩ «ዲታው» ይለዋል። አምስት የጭነት መኪናዎች አሉት፤ የአንዱንም ሾፌር ደመወዝ በቀኑ ከፍሎ አያውቅም።

ከሦስት ዓመት በፊት አንድ ወረቀት ይዞ ቤታችን መጣ። የአስመጪነት ፈቃዱ በውዝፍ ዕዳ ታግዶበት ስለነበር፣ ከባሕር ማዶ ያዘዘውን ዕቃ በእኅቱ የሱቅ ፈቃድ ማስገባት ፈለገ።

«እቴቴ፣ ፊርማሽን ብቻ ነው የምፈልገው፤ ከእስክሪብቶሽ ቀለም በቀር የሚጎድልብሽ የለም» አላት።

እናታቸው ስትሞት አዝላ ያሳደገችው እርሷ ናት። ፈረመች።

ኮንቴይነሩ ወደብ ደረሰ። ዲታው ግን ዕቃውን ሊገዛው የነበረው ሰው ስለከዳው፣ ቀረጥ ከፍሎ ሊያነሣው አልሄደም። የማስቀመጫው ኪራይ ቀን በቀን ሲቆጠር ከረመና ከዕቃው ዋጋ በለጠ። በመጨረሻ ወደቡ በጭነት ሰነዱ ላይ ስሙ የተጻፈውን ሰው፣ ማለትም ባለቤቴን ከሰሰ። አርባ ዓመት የኖርንበት ቤትም እንዳይሸጥ እንዳይለወጥ ታገደ። ከተፈረደባት በሐራጅ ይሸጣል።

ለዳኛው እውነቱን እንዲናገር ለመንሁት። መለመኔ ዛሬም ያሳፍረኛል።

«ሰነዱ ላይ የኔ ስም አለ እንዴ፣ ጋሼ?» አለና፣ «ለነገሩ እርስዎም አይፈረድብዎትም፤ የአህያ ባል ከጅብ አያስጥልም» ብሎ በራሱ ቀልድ ብቻውን ሳቀ። እኅቱን አህያ ማለቱን ያስተዋለ አይመስለኝም። እርሷ ግን አስተውላለች፤ ሆኖም ውኃ ቀዳችለት።

ፍርድ ቤቱ ዕቃው ለሐራጅ ተከፍቶ እንዲመዘገብ አዘዘ። በቀጠሮው ቀን የፍርድ ቤቱ ጸሐፊ፣ የወደቡ ነገረ ፈጅ የሆነች ወይዘሮና የግቢው ሠራተኞች አለቃ ከእኔና ከባለቤቴ ጋር በኮንቴይነሩ በር ቆሙ። ዲታውም ጥቁር መነጽሩን አድርጎ መጣ። ለእኅቱ አዝኖ አልነበረም። ዕቃው በሐራጅ ሲወጣ በሌላ ሰው እጅ በርካሽ ሊገዛው ስላሰበ፣ ደኅንነቱን ለማየት ነው።

«እናቴ፣ ውስጡ ያለው ምንድን ነው?» አላት ጸሐፊው ባለቤቴን።

«እኔ እንጃ፣ ልጄ። የሚታጠቡበት ነገር ነው ብሎኝ ነበር። ሳሙና ይሆን?»

አለቃው ሳቁን በሳል ሸፍኖ የበሩን እሽግ ቆረጠ። በሩ እያቃሰተ ተከፈተ። አንዱ በአንዱ ውስጥ የተደራረቡ ነጭ የገላ መታጠቢያ ገንዳዎች አቧራ ለብሰው ተቀምጠዋል።

ቀረብ ብዬ የፊተኛውን በከዘራዬ ነካሁት።

«ቆርቆሮ ነው» አልሁ። «ቀለም የተቀባ ቆርቆሮ። የትኛው ሞኝ ነው ይህን ባሕር አሻግሮ ያመጣው?»

«ለከብት ውኃ ማጠጫ አያንስም፣ አባቴ» አለ አለቃው።

ጸሐፊው «ቆርቆሮ» ብሎ መጻፍ ጀመረ። የዲታው ጥቅም ዝም ማለት ነበር፤ ዕቃው በተናቀ መጠን በርካሽ ይገዛዋል። ነገር ግን መነጽሩን አወለቀ።

«ምን ቆርቆሮ! ሰርዝ! ይሄ እኮ ድፍን ብረት ነው!»

«አንተ ደግሞ ማነህ?» አለችው ነገረ ፈጇ ቀና ሳትል። «የእማማ ተላላኪ ነህ?»

«ተላላኪ? እኔ? ፋብሪካው ድረስ ሄጄ አንድ በአንድ በጥፍሬ እያንኳኳሁ የመረጥኩት እኔ ነኝ! ሰባ ሁለት ናቸው። ያዘዝኩት እኔ፣ የከፈልኩት እኔ! እሷማ ሳሙና ነው የምትለው!»

ነገረ ፈጇ ጸሐፊውን አየችው።

«ቀስ ይበሉልኝ፣ ጌታዬ፤ ልጻፈው» አለ ጸሐፊው በትሕትና።

ቀስ ብሎ ደገመለት። «ለብረትነቱ ማረጋገጫ» ሲባልም ግማሽ ገጽ የሚሞላ ፊርማውን አኖረ። እንዲህ ያለውን ሰው ጠላት አድርጎ መቁጠር ለጠላትነት ውርደት ነው።

በመንገድ ላይ ባለቤቴ፣ «እውነት ቆርቆሮ ነው?» አለችኝ።

«አይደለም። እንደዚያ ያለ ደኅና ብረት አይቼ አላውቅም።»

እርምጃዋን አፍጥና እስከ ቤት ድረስ ቀድማኝ ሄደች።

ወደቡ ከአንድ አሮጌ ቤት አምስት መኪና ይሻለኛል ብሎ፣ ዲታው ተከሳሽ ሆኖ ወደ ክርክሩ እንዲገባ አመለከተ። መጥሪያው በደረሰው ጠዋት ስልክ ደወለ። ድምፁ እስከ እኔ ይሰማል፤ «እቴቴ፣ ዳኛው ፊት ‹ዕቃው የኔ ነው› በይልኝ፤ ኋላ እኔ እከፍላለሁ፤ በእናታችን!» ይላል።

ባለቤቴ ግድግዳውን፣ ጣሪያውን፣ ከዚያም እኔን ተራ በተራ አየች።

«ዕቃህን አንሣ፣ ወንድሜ» አለችና ዘጋችው።

ቤታችን በወሩ ከእግድ ተፈታ። እርሱም ተፈርዶበት ሁለት መኪና ሸጦ ከፈለ። ስሙን በቤታችን አንጠራም፤ ስልክ ሲጮኽ ግን ዛሬም ቀድማኝ የምትነሣው እርሷ ናት።