ያልተደገመው ልክ

ማክሰኞ ጠዋት በድልድዩ ሦስተኛ አግዳሚ ሥር ያለውን ስንጥቅ ሁለት ጊዜ ለካሁት፤ ሁለቴም ዜሮ ነጥብ ዘጠኝ ሚሊሜትር። ስፋቱ ብቻውን ግን ብዙ አይናገርም። ለዓመታት ንቅንቅ ሳይል የሚኖር ስንጥቅ አለ፤ በየወሩ የሚሰፋም አለ። የሚሰፋ ከሆነ ከባድ መኪና ዛሬውኑ መከልከል አለበት። ሥራ አስኪያጁ ግን ቁርጡን ነገረኝ፦

«የድሮውን ልክ ሳታሳዪኝ አልዘጋም።»

የድሮው ልክ ያለው ሥራውን ባስተማሩኝ መሐንዲስ ፋይል ውስጥ ነው። መሥሪያ ቤቱ በሙሉ ሚሊሜትር ይላቸዋል። ጡረታ ከወጡ ስምንት ወራቸው ነው። ፋይሉን በይለፍ ቃል ቆልፈው፣ ቃሉን ረስተውታል።

አስፈቅጄ ታናሽ ወንድሜን ጠራሁት። ሥራው የድርጅቶችን የይለፍ ቃል መስበር ነው፤ ሌባ ሳይቀድመው ይሞክርና ደካማውን ያስቀይራል። ሚሊሜትርም መጡ።

«አትልፋ ልጄ፣ እኔ የቆለፍኩትን ማንም አይከፍተውም።»

«እስቲ ዕድሌን ልሞክር፣ ጋሼ።»

የድልድዩን ቁጥር፣ የተሠራበትን ዓመት፣ የልጆቻቸውን ስም ከእኔ ጠይቆ አስገባና ኮምፒውተሩ እያገጣጠመ እንዲሞክር ለቀቀው። በስድስተኛው ደቂቃ ተከፈተ። ቃሉ የድልድዩ ቁጥርና የተሠራበት ዓመት ነበር።

«ስድስት ደቂቃ?» አሉ ሚሊሜትር፣ ፊታቸው ቅጭም ብሎ።

«ኮምፒውተሬ አርጅቶ ነው እንጂ ይህን ያህልም ባልቆየ።»

«ይሄ ምላሰኛ በማን ወጣ?» አሉኝ።

ዓይኔ ሰንጠረዡ ላይ ነበር። አራት ዓመት ሙሉ ዜሮ ነጥብ ሁለት። ጡረታ በወጡበት ሳምንት ዜሮ ነጥብ አምስት። ከጎኑ «ይደገም» ይላል።

«ይህን ለማን ነገሩ?»

«ለማንም።» መነጽራቸውን አወለቁ። «አንድ ጊዜ ብቻ የለካሁትን ሪፖርት አድርጌ አላውቅም። እጄ ስቶ ይሆናል ብዬ ሰኞ ልደግመው ነበር። አርብ ሸኛችሁኝ።»

ስልኩን አንስቼ አመነታሁ።

«ሄጄ ለሦስተኛ ጊዜ ልለካው?»

«አንቺ ልጅ፣ የእኔን ደግመሽልኛል፤ እጄ አልሳተም፣ እየሰፋ ነው» አሉ። «ደውዪ፣ ይዝጉት።»

ስድስት ሰዓት ሳይሞላ ከባድ መኪኖች በሌላ መንገድ መዞር ጀመሩ። ሚሊሜትር ግን ወደ ቤታቸው አልሄዱም። ኮምፒውተሩ ፊት ተቀምጠው፣ ፊደሎቹን በአንድ ጣት እየፈለጉ፣ «ይደገም» ከሚለው አጠገብ «ተደገመ» ብለው ጻፉ፤ ቀኑንም አስከተሉ።